ከአጥር ውጭ የቆመው ሲኒማቶግራፈር

ሥራህ ምንድን ነው ብላችሁ ብትጠይቁኝ አፌን አላደክምም፤ ከኪሴ ቢዝነስ ካርድ አውጥቼ እሰጣችኋለሁ። «የዘጋቢ ፊልም ሲኒማቶግራፈርና ፕሮዲዩሰር» ይላል፣ በወርቃማ ቀለም። ሆሳዕና ውስጥ ግን ይህን ማዕረግ እስከ መጨረሻው ያነበበ ሰው እስካሁን አላጋጠመኝም። ግማሹ ጀርባው ላይ የሌላ ሰው ስልክ ቁጥር ይጽፍበታል፣ ግማሹ ጥርሱን ይጎረጉርበታል። ከሽማግሌ እስከ ሕፃን የሚጠራኝ «ቪዲዮ» ብሎ ነው። «ቪዲዮ፣ የእህቴ ሰርግ ደረሰ እኮ!» «ቪዲዮ፣ የአጎቴን ምርቃት ቆርጠህ አወጣኸው አሉ፤ ምን በድሎህ ነው?» አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ የሰው ሰርግ፣ የሰው ምረቃ፣ የሰው የፕሮጀክት ርክክብ ስቀርጽ ኖሬያለሁ። ሪባን ሲቆርጡ የቀረጽኳቸው መቀሶች ቢሰበሰቡ አንድ የልብስ ስፌት ቤት ይከፍታሉ።

አንድ ቀን ታዲያ በቃኝ አልኩና የራሴን ፊልም ልሠራ ተነሳሁ። ስለ እንሰት። እንሰት በልቶ አድጎ ስለ እንሰት አንድ ነገር ሳይሠራ መሞት ነውር መስሎ ታየኝ። አሥር ገጽ ጽፌ አዲስ አበባ ላሉ ፊልም መራጮች ላክሁ። እነሱም «ሐሳቡን ወደነዋል፤ ነገር ግን እስከ ቅዳሜ ቀን ስድስት ሰዓት የአሥር ደቂቃ ናሙና ካልደረሰን ቦታውን ለሌላ እንሰጣለን» ብለው መለሱ። ባለቤቴ ሰላም መልእክቱን ከትከሻዬ በላይ አነበበችው።

«እሺ፣ ይሄኛውንም ሞክር» አለች። «ካልሆነ ግን ያንን ማመልከቻ ትሞላታለህ። ተነጋገርን?»

ማመልከቻው የአንድ መሥሪያ ቤት የፎቶ ሠራተኛነት ነው። ሰላም ከቡፌው መስታወት ላይ፣ የሰርጋችን ፎቶ አጠገብ ለጥፋዋለች። ሥራው ስብሰባ ላይ የተቀመጡ ሰዎችን ከፊት ማንሳት፣ ከጎን ማንሳት፣ ከዚያ ደግሞ ምሳ ላይ ማንሳት ነው። ከዚያ ሕይወት የሚያድነኝ አሥር ደቂቃ ብቻ ነበር። አሥር ደቂቃ ደግሞ አልነበረኝም።

ያልነበረኝ ሳልደክም ቀርቼ አይደለም። ዶዮገና፣ እማማ አማረች ቤት ሦስት ጊዜ ተመላልሻለሁ። እማማ በአካባቢው እንሰት በመፋቅ የታወቁ ሴት ናቸው፤ ሲቀልዱ ደግሞ ጎረቤት ሥራ ፈትቶ ይሰበሰባል ብሎ ሰው ነግሮኛል። እኔ ካሜራዬን ስደቅን ግን እማማ ድንጋይ ይሆናሉ። ነጠላቸውን ያስተካክላሉ፣ ጉሮሯቸውን ይጠርጋሉ፣ «እንሰት ጥሩ ነው» ይላሉ፣ አለቀ። ሦስት ጉዞ፣ ሦስት «እንሰት ጥሩ ነው»። ዋናው ሥራ፣ ፍቅያው፣ ደግሞ የሚካሄደው ጓሮ ነው። እንሰት በሚፋቅበት ጓሮ ወንድ ድርሽ አይልም። ሴቶቹ ቀሚሳቸውን ሰብስበው፣ እግራቸውን በእንጨቱ ላይ ደግፈው የሚሠሩት ሥራ ነውና ወንድ ብቅ ካለ ነውር ነው። ባል አይገባም፣ ልጅ አይገባም፣ «ሲኒማቶግራፈርና ፕሮዲዩሰር»ማ ጭራሽ።

ካርዴን አሳየኋቸው። እማማ ተቀብለው አዩትና ጎመን ማሰሮው ላይ ክዳን አድርገው አስቀመጡት።

መፍትሔው ታደለች ሆነች። ታደለች የእማማ ምራት ናት፣ የአንደኛ ደረጃ መምህር፣ ፈጣን ልጅ። ሐሙስ ጠዋት ካሜራውን አስያዝኳትና ለሁለት ሰዓት አሠለጠንኳት። አሠለጠንኳት ስል፣ እሷ በአምስት ደቂቃ የገባትን እኔ ለሁለት ሰዓት ደጋገምኩት ማለቴ ነው። ከዚያ እሷ ወደ ጓሮ ገባች፣ እኔ ከአጥሩ ውጭ ጉም ውስጥ ቆምኩ።

ምን ያህል እንደተጨነቅሁ አትጠይቁኝ። ዕድሜ ልኬን ከካሜራ ጀርባ የኖርኩ ሰው ነኝ፤ ካሜራዬ ወዲያ ማዶ፣ እኔ ወዲህ ማዶ ስንሆን ያ የመጀመሪያዬ ነበር። ስለዚህ ጮህኩ።

«ታደሉ! ቀዩ መብራት በርቷል?»

«በርቷል!»

«ፎከስ! ፎከሱን እዪ!»

«አየሁት!»

«እጅሽ እንዳይንቀጠቀጥ!»

«አንተ ስትጮህ ነው የሚንቀጠቀጠው!»

ከዚያ ሳቅ። የስድስት የሰባት ሴት ሳቅ። ከዚያ የእማማ ድምፅ፣ በከምባትኛ፣ እንደ ወንዝ ይፈስ ጀመር። እኔ ሀዲያ ነኝ፤ ከምባትኛ ሲቀርበኝ ግማሹን እሰማለሁ፣ አጥር ሲጋርደኝ ግን ሩቡ ነው የሚደርሰኝ። እማማ ያወራሉ፣ ሴቶቹ ይስቃሉ፣ እማማ ይቀጥላሉ። ለአርባ ደቂቃ! ያቺ «እንሰት ጥሩ ነው» ብላ የምታልቅ ሴት! ይቅርታ፣ እማማ ናቸው፤ ደስታ አንቱታዬን አስረሳኝ። አጥሩን ይዤ እንባዬ መጣ።

«ታደሉ! ሚሞሪው ሲሞላ ቀይሪው! የሞላውን ውሃ እንዳይነካው! አቧራ እንዳይነካው! እንደ ዓይንሽ ጠብቂው!»

እንግዲህ ጥፋቱን የሠራሁት እዚች ላይ ነው። ለዚያ አገር ሰው አንድን ነገር «ውሃም አቧራም እንዳይነካው፣ እንደ ዓይንሽ ጠብቂው» ካላችሁት የሚያደርገው አንድ ነገር ነው፤ በኮባ ይጠቀልለዋል። ቅቤ በኮባ ነው፣ ቆጮ በኮባ ነው፣ ለሩቅ ዘመድ የሚላከው ሁሉ በኮባ ነው። ታደለችም ሚሞሪዋን ከነፕላስቲክ ቤቷ አድርጋ፣ የእንሰቱን ቅጠል እሳት አስመትታ አለስልሳ፣ ደራርባ ጠቀለለቻት። በቃጫ አሰረቻት። አስተሳሰሩም የእማማ አስተሳሰር ነው፤ እማማ «አሁን ገና ተቻለሽ» እስኪሏት ሁለት ዓመት እንደፈጀባት ኋላ ነግራኛለች። ከዚያ ቤት ውስጥ ቆጡ ላይ አኖረችው።

ቆጡ ላይ ሌላ ጥቅልም ነበር።

አመሻሽ ላይ የመጨረሻው ሚኒባስ ጥሩምባውን ሲያስጮህብኝ ታደለች ሮጣ ገባችና ጥቅሉን አምጥታ በሁለት እጇ ሰጠችኝ። «ይኸው አደራህ።» በሁለት እጄ ተቀበልኩ። እስከ ሆሳዕና ድረስ ደረቴ ላይ ታቅፌው ሄድኩ። ጎኔ የተቀመጠች ሴት ሕፃኗን ከያዘችው ይበልጥ ነው የያዝኩት። ትንሽ ይለሰልሳል፤ ታደለች ምን ያህል ብትጠነቀቅ ነው ብዬ አደነቅኋት። ቤት ስደርስ መብራት የለም፣ ላፕቶፑ ቻርጅ የለውም። ጥቅሉን ጠረጴዛ ላይ አስቀምጬ በሰላማዊ ልብ ተኛሁ።

ዓርብ ጠዋት የቀሰቀሰኝ ሽታ ነው። ሰላም ጨጨብሳ ሠርታለች። ያን የመሰለ ጨጨብሳ በልቼ አላውቅም። የሳህኑን ጠርዝ በጣቴ እየጠረግሁ፣

«ሰላምዬ፣ ይሄን ቅቤ ከየት አገኘሽው?» አልኳት።

«ትናንት ያመጣኸው ነዋ። ጠረጴዛ ላይ አልነበር? በኮባ የተጠቀለለው።»

እጄን ከሳህኑ ላይ አነሳሁ።

«ውስጡ ምን ነበር?»

«ቅቤ።»

«ሌላስ?»

«ቅቤ ውስጥ ሌላ ምን ይኖራል? ምን ሆነሃል?»

ኮባውን ከቆሻሻ ቅርጫት አውጥቼ ገለበጥኩት፣ ዘረጋሁት፣ ወደ መስኮቱ ይዤ አየሁት። ሰላም ዓይኗን ወደ ቡፌው መስታወት ላከች። ታደለች ጋ ደወልኩ፤ ስልኳ ዝግ ነው፣ ክፍል ውስጥ ናት። ሰዓቴን አየሁ፤ ሦስት ሰዓት። እስከ ቅዳሜ ስድስት ሰዓት ድረስ ያሉኝን ሰዓታት በጣቴ ቆጠርኩ፤ ሁለት ጊዜ ቆጥሬ ሁለት የተለያየ መልስ አገኘሁ። ካሜራዬን አንጠልጥዬ ወደ መናኸሪያ ሮጥኩ።

የዶዮገናው ሚኒባስ ሞልቷል፣ አንድ ሰው ብቻ ይቀረዋል። አንድ ሰው የሚቀረውን መኪና የመሰለ የሰው መፈተኛ የለም። ረዳቱ «አንድ ሰው! አንድ ሰው!» ይላል፣ ያ አንድ ሰው በሆሳዕና ከተማ ውስጥ አልተወለደም። ግማሽ ሰዓት። ሌላ ሩብ ሰዓት። አጠገቤ የተቀመጡ አንድ ኮፍያ ያደረጉ ሽማግሌ ሰዓቴን ደጋግሜ ሳይ አይተው፣

«ልጄ፣ ለቅሶ ነው የምትሄደው?» አሉኝ።

«አይ አባባ፣ ትናንት የያዝኩት ዕቃ ዛሬ ቅቤ ሆኖብኝ ነው።»

ቀስ ብለው ከረጢታቸውን አነሱና መሀላችን አስቀመጡ።

ዶዮገና ስደርስ አምስት ተኩል ሆኗል። ታደለችን ከትምህርት ቤቱ በር ላይ አገኘኋት፤ ከሰዓት ፈረቃ ስላልነበራት ልትወጣ ነበር። ነገሩን ስነግራት መጽሐፏን ደረቷ ላይ ለጠፈችው።

«ጋሽ ቪዲዮ፣ አንተ የበላኸው የእማማን የቅቤ ዕቁብ ነው!»

የቅቤ ዕቁብ ለማታውቁ ላስረዳ። የሰፈሩ ሴቶች በየአሥራ አምስት ቀኑ አንድ አንድ ጥቅል ቅቤ ያዋጣሉ፣ ተራ የደረሳት ሁሉንም ይዛ ትሄዳለች። አይመዘንም፣ አይፈታም። በእጅ ተቀብሎ ማመስገን ብቻ ነው፤ ሁሉም ነገር በመተማመን ነው። ዕቁቡ የነበረው ደግሞ ያን ዕለት ጠዋት ነው። እማማም ጨለም ያለው ቤት ገብተው፣ ቆጡ ላይ የቀረውን ጥቅል አንስተው፣ በክብር ወስደው ሰጥተዋል።

«ለማን?»

«ለእትዬ ዘይነባ። ተራው የሳቸው ነው።»

«የት ነው ቤታቸው?»

«ቤታቸው የሉም። ልጃቸው ሰሚራ ሺንሺቾ ወልዳለች፤ ቅቤውን ይዘው ወደዚያው ወርደዋል። ዛሬ ለአራሷ ቅቤ ሊያነጥሩ ነው።»

ማንጠር ስትል፣ የፊልሜ ብቸኛ ምስል፣ የእማማ አርባ ደቂቃ፣ ከኮረሪማና ከአብሽ ጋር ሲንተከተክ ታየኝ።

ታደለች ክንዴን ያዘች። «አንድ ነገር ግን ማልልኝ። የእማማን ስም እዚያ ሰው ፊት እንዳታነሳ። አማረች በቅቤ ፈንታ ፕላስቲክ ጠቅልላ ሰጠች ከተባለ እማማ ከቤት አይወጡም። የሰጠሁህ እኔ ነኝ፣ ያሳሳትኩት እኔ ነኝ። ለሳቸው እንኳ እንዴት እንደምነግራቸው አላውቅም።»

ማልኩላት። ምን አማራጭ ነበረኝ? አንድ ሞተረኛ ለምነን፣ ሦስት ሆነን ቁልቁለቱን ተያያዝነው። በየኩርባው ታደለች «ጌታ ሆይ» ትላለች፣ እኔ «ቅቤው አይጣድ» እላለሁ፤ ሞተረኛው ሁለታችንንም ሰምቶ ይበልጥ ይነዳል። ሺንሺቾ ስንደርስ ሞተሩ ሳይቆም ወረድኩ።

ቤቱን ለማግኘት አልተቸገርንም፤ የቅመሙ ሽታ መንገድ ድረስ መጥቶ ተቀበለን። ሸተተኝ ስላችሁ ተደሰትኩ ማለት አይደለም፤ በዚያች ደቂቃ በዓለም ላይ ካሉ ሽታዎች ሁሉ ያን ነው የጠላሁት። ወደ በሩ ተንደረደርኩ። አንዲት ሴትዮ በሁለት እጃቸው ደጃፉን ዘጉት፤ የሰሚራ አማት መሆናቸውን ኋላ ነው ያወቅሁት።

«ወዴት ወዴት? አራስ ቤት ነው!»

እንደገና ከአጥር ውጭ ቀረሁ። ታደለች ብቻ ገባች።

ደጅ አንድ ወጣት በርጩማ ላይ ተቀምጧል። ከድር ይባላል፣ የአራሷ ባል ነው።

«ቁጭ በል ወንድሜ» አለኝ ቦታ እየለቀቀልኝ። «እኔ ዘጠኝ ቀኔ ነው። ልብሴን እንኳ በመስኮት ነው የሚያቀብሉኝ።»

ግን መቀመጥ አልቻልኩም። ጆሮዬን ግድግዳው ላይ ለጥፌ ቆምኩ። ታደለች ሰላምታ ትሰጣለች፤ ሰላምታው አያልቅም። እናቷ ደህና ናት፣ ባሏ ደህና ነው፣ ላሟ ደህና ናት። በመጨረሻ፣

«የአንድ እንግዳ ዕቃ ከቅቤው ጋር ተቀላቅሎ ይሆናል ብዬ ነው። ትንሽዬ ጥቁር ፕላስቲክ» አለች።

«ግማሹን አሁን ፈትተን ድስት ውስጥ ጨመርን» አለ አንድ ድምፅ። «ምንም አላየን።»

«ሳታዩት ገብቶ ቢሆንስ?» ብዬ ከውጭ ጮህኩ። «በማማሰያ እዩት! ከሥሩ! ከሥሩ እዩት!»

«ማነው ይሄ?»

«ፕሮዲዩሰሩ ነው» አለች ታደለች።

ሲያማስሉ ይሰማኛል። አንድ ጊዜ፣ ሁለት ጊዜ። የለም። የቀሩትን ጥቅሎች መፍታት ጀመሩ። ከድር አጠገቤ ቆሞ አብሮኝ መቁጠር ያዘ፣ ነገሩ ገብቶት ሳይሆን ዘጠኝ ቀን ሙሉ የሚያደርገው አጥቶ። ስድስተኛው ቅቤ። ሰባተኛው ቅቤ። ስምንተኛው ላይ ድንገት እልልታ ቀለጠ። ከድርን አቅፌ ዘለልኩ።

«ተገኘ?»

«ሕፃኑ አስነጠሰ!» አሉኝ።

ዘጠነኛው ቅቤ። አሥረኛው ቅቤ።

«በቃ፣ ይኸው ነው» አሉ እትዬ ዘይነባ። «ሌላ የለም።»

«እትዬ ዘይነባ» አለች ታደለች። «አሥራ አንድ አይደሉም?»

«አሥር ናቸው እኮ።»

እንዴት አሥር ይሆናል? ታደለች የዕቁቡን ሴቶች አንድ በአንድ ታውቃቸዋለች፤ አሥራ አንድ ናቸው። አማቲቱ ጠየቁ፦ «ለመሆኑ ከማን ቅቤ ጋር ነው ተቀላቀለ የምትሉት? ስሟን ንገሩንና እንለያት።»

ታደለች ማን ብላ ትናገር? ዘይነባም ስም አልጠሩም። ድስቱ ብቻ ይንተከተካል። የፊልሜ መጨረሻ በዚያ ድስት ውስጥ ታየኝ፤ ማመልከቻውን ስሞላ፣ ስብሰባ ላይ ያሉ ሰዎችን ከጎን ሳነሳ። እንዲህ ያለ ጭንቅ ውስጥ የገባ ሰው ይምላል እንጂ መሐላውን አይጠብቅም፤ እኔ ግን መሐላዬንም ሳልነካ ከዚያ የባሰ ነገር አደረግሁ። አፌን ከበሩ ሽንቁር ላይ አድርጌ ጮህኩ።

«እኔ ነኝ! ጥፋቱ የእኔ ነው! ትናንት ከሰው ቤት ቆጥ ላይ ቅቤውን አንስቼ፣ የራሴን ዕቃ በቦታው ጥዬ የሄድኩት እኔ ነኝ! ባለቤቲቱ አላወቁም፣ ምራታቸውም አላወቀችም! ቅቤውን ሆሳዕና ወስጄ በጨጨብሳ በላሁት! ዛሬ ጠዋት! በላሁት፣ ሳህኑንም ጠረግሁት!»

ከድር አንድ እርምጃ ራቀኝ። መንገድ ላይ የሚያልፍ ጋሪ ሳይቀር ቆመ።

ከዚያ በሩ ተከፈተና እትዬ ዘይነባ ራሳቸው ወጡ። ከላይ እስከ ታች አዩኝ። ቀጥለው እጃቸውን ደረታቸው ውስጥ ከተው አንድ ጥቅል አወጡ፣ ኮባው አልተፈታም፣ ቃጫው እንደታሰረ ነው።

«ጠዋት ስቀበለው ቀለለኝ» አሉኝ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው። «ጫን ስለው ደግሞ ይጠጥራል። ቋጠሮውን አየሁ፤ የማን ቋጠሮ እንደሆነ አውቃለሁ፣ ሠላሳ ዓመት አብረን ዕቁብ ጥለናል። ቸግሯት ነው ብዬ ሰው ሳያየው ደረቴ ውስጥ ከተትኩት። ላልፈታውም ነበር።» ጥቅሉን መዳፌ ላይ አስቀመጡት። «አሁን ግን ወንዱ ሰረቅሁ ካለ፣ ነውሩ የወንዱ ነው። ተገላገልን።»

ወደ ውስጥ ዞር አሉና ለሁሉም እንዲሰማ አድርገው፣ «ተገኘ! ይሄ ቅቤ ሌባ ነው ጥሎት የሄደው!» አሉ። ሴቶቹ ሳቁ። እኔ ግን የምስቅበት አቅም አልነበረኝም፤ በርጩማው ላይ ወደቅሁ። ታደለች ደጃፉ ላይ ቆማ አየችኝ፤ ነጠላዋን ዓይኗ ላይ አደረገች።

ጥቅሉን ፈትቼ ሚሞሪዋን ካሜራው ውስጥ ስከት ሦስት ጊዜ ሳትኳት። በራ። ምስል አለ። ደረቅ፣ ንጹሕ፣ ትንሽ የኮባ ሽታ ያለው ምስል። እዚያው ደጅ ላይ ከድር ከትከሻዬ በላይ እያየ ከመጀመሪያው አንስቼ ተመለከትኩት።

አሁን አንድ ነገር ልንገራችሁ፤ በቀላሉ የሚወጣኝ ነገር ግን አይደለም። አሥራ ሁለት ዓመት ከቀረጽኩት ሁሉ ይበልጣል። ታደለች ከእማማ አጠገብ ተቀምጣ፣ ከእማማ ጉልበት ከፍታ ላይ ሆና ነው የቀረጸችው። እጆቻቸው አሉ፣ መፋቂያው አለ፣ የሚንጠባጠበው ነጭ ውሃ አለ፣ ሲስቁ ጥርሳቸው አለ። እማማ ሙሽራ ሆነው ሲመጡ መፋቅ ሳይችሉ ቀርተው አማታቸው ፊት ያለቀሱትን ይናገራሉ፣ ያን ለቅሶ ራሳቸው እየተወኑት። ካሜራው አንድም ቦታ አይቸኩልም። እኔ ብሆን ሦስት ጊዜ አስቁሜ ብርሃን አስተካክል ነበር።

አሥራ ዘጠነኛው ደቂቃ ላይ ካሜራው ቀስ ብሎ ዞረ። አጥሩ መጣ። በአጥሩ ላይ፣ በጉሙ ውስጥ፣ አንድ ራሰ በራ ጭንቅላት ብቅ ጥልቅ ይላል። አፉ ተከፍቷል። አሁንም «ፎከስ! ፎከሱን እዪ!» ይላል። ሴቶቹ ይንፈቀፈቃሉ። ራሴን በምስል ሳይ ደነገጥኩ፤ እንዲህ መላጣ መሆኔን ማንም አልነገረኝም። እማማ ከሳቃቸው መሀል በከምባትኛ አንድ ነገር አሉ፤ ሴቶቹም ሳቃቸውን አቆሙ።

«ምን አሉ?» አልኩት ከድርን።

ከድር ተረጎመልኝ፦ «‹ተይው፣ እሱንም ቅረጪው። ዕድሜውን ሙሉ የሰው ደስታ ሲቀርጽ ነው የኖረው። እሱን ማን ቀርጾት ያውቃል?› ነው ያሉት።»

ከካሜራው ቀና ብዬ ግድግዳውን አየሁ። ከድር ትከሻዬን መታ መታ አደረገኝና፣ «ለአራስ የተሠራ ገንፎ አለ፤ ለኛም በመስኮት ያወጡልናል» አለኝ።

ናሙናው ቅዳሜ አምስት ሰዓት ተኩል ላይ ሄደ። ከሁለት ሳምንት በኋላ መልስ መጣ፦ ፊልሙ ተመርጧል። ከሥር አንድ መስመር ጨምረዋል፦ «ሲኒማቶግራፈሩን ብናገኘው ደስ ይለናል፤ እንዲህ ተጠግቶ የሚቀርጽ ሰው ብዙ አላየንም።» ደብዳቤውን ሰላም ከትከሻዬ በላይ አነበበችውና ምን ብዬ እንደምመልስ ጠበቀች። አንድ ሙሉ ከሰዓት በኋላ ፈጀብኝ። ከዚያ የታደለችን ስምና ስልክ ቁጥር ጻፍኩ። ሰላም ተነስታ ማመልከቻውን ከመስታወቱ ላይ ላጠችው።

አዲሱ ቢዝነስ ካርዴ አጭር ነው፤ «ፕሮዲዩሰር» ብቻ ይላል። ሺንሺቾና ዶዮገና ግን አሁን «ቪዲዮ» የሚለኝ የለም። «ቅቤ ሌባው» ነው የምባለው፤ እማማም ጭምር እንደዚያ ነው የሚጠሩኝ፣ ታደለች እውነቱን ነግራቸው እያወቁ።

ባለፈው ቅዳሜ ዕዳዬን ይዤ ሄድኩ። ከሆሳዕና ገበያ የመረጥኩትን ቅቤ ራሴ በኮባ ጠቅልዬ፣ ራሴ በቃጫ አስሬ፣ በሁለት እጄ ሰጠኋቸው። እማማ ቋጠሮዬን አይተው ከንፈራቸውን መጠጡ። ከዚያ ጥቅሉን ወደ ደጁ ብርሃን ይዘው ወጡና በአውራ ጣታቸው ጫን፣ ጫን እያደረጉ አራቱንም ጎን ዳሰሱት፣ የሚጠጥር ነገር ካለበት ብለው።